ጥላሁን ግዛውና ሳይደራጅ የቀረው አራሽ

በሕዝባዊ ንቅናቄዎች ታሪክ ውስጥ ስማቸው ጎልቶ የሚነሣው በአደባባይ የተናገሩና በሰልፍ ግንባር የቆሙ ሰዎች ሲሆኑ፣ ከሰልፉ ቀን በፊት ለወራትና ለዓመታት ሰውን ከሰው ሲያገናኙ፣ ስብሰባ ሲጠሩ፣ ወረቀት ሲያባዙና የፈራውን ሲያደፋፍሩ የኖሩት ሰዎች ሥራ ግን እምብዛም በጽሑፍ አይቀመጥም። እነዚህ ሰዎች አደራጆች ይባላሉ፤ አደራጅ ማለትም አንድን በደል እየቤታቸው ለየብቻ ተሸክመው የሚኖሩ ሰዎችን አሰባስቦ፣ በደሉ የጋራ መሆኑን እንዲረዱ፣ ከመካከላቸውም መሪ እንዲያወጡና እርሱ ቢታሰር ወይም ቢሞት እንኳ የጀመሩትን እንዲቀጥሉ የሚያደርግ ሰው ነው።

የአደራጅነት ሥራ በሃያኛው መቶ ዘመን አጋማሽ ጎልቶ ከታየባቸው ስፍራዎች አንዱ የአሜሪካ ደቡብ ነበር። የሲቪል መብቶች ንቅናቄ እየተባለ የሚጠራው፣ ጥቁር አሜሪካውያን በትምህርት ቤት፣ በአውቶቡስ፣ በምግብ ቤትና በምርጫ ጣቢያ ከነጮች እኩል የዜግነት መብት እንዲኖራቸው ያካሄዱት ትግል በዓለም የታወቀው በማርቲን ሉተር ኪንግ ስም ቢሆንም፣ ትግሉን በየመንደሩ የተከሉት ግን ብዙም ያልታወቁ ሰዎች ናቸው። ከእነርሱ አንዷ የሆኑት ኤላ ቤከር በሚያዝያ 1952 ዓ.ም. (በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ዓመታቱ ሁሉ በኢትዮጵያ አቆጣጠር የተሰጡ ናቸው) በሰሜን ካሮላይና በምትገኘው በራሌይ ከተማ ወጣቶችን ሰብስበው የተማሪዎችን የሰላማዊ ትግል አስተባባሪ ኮሚቴ እንዲመሠርቱ መንገዱን ከፈቱላቸው፤ ኃይለኛ ሕዝብ ኃይለኛ መሪ አያስፈልገውም የሚለው እምነታቸውም የዚያ ኮሚቴ መለያ ሆነ።

በዚያው ዘመን በኢትዮጵያ ለዚህ ንቅናቄ የሚቀርበው የተማሪዎች እንቅስቃሴ ሲሆን፣ ከአደራጆቹ መካከል ሕይወቱም አሟሟቱም የአገሪቱን የኋላ ታሪክ የነካው ጥላሁን ግዛው ነው። የጥላሁንን ሕይወት በተማሪዎች ጉዳይ ብቻ ወስኖ ማየት የተለመደ ቢሆንም፣ እርሱና ጓደኞቹ ዋነኛ ጥያቄያቸው ያደረጉት የአራሹን የመሬት ጥያቄ በመሆኑ፣ ሕይወቱ በእርግጥ ሊመዘን የሚገባው ከትውልድ ስፍራው ከማይጨው እስከ አዲስ አበባ በሚዘልቀው መንገድ ዳር ከሚያርሰው ገበሬ አንጻር ነው።

በዚህ መንገድ ዳር ካሉት ስፍራዎች አንዷ ጎብዬ ስትሆን፣ ከወልድያ ወደ ቆቦ በሚወስደው አውራ ጎዳና ላይ የምትገኝ የራያ ቆቦ ወረዳ ትንሽ ከተማ ናት። መንገዱ በሮቢትና በቆቦ በኩል አልፎ፣ ዋጃንና አላማጣን አቋርጦ፣ የግራ ካሕሱን ጠመዝማዛ ዳገት ወጥቶ ኮረም ይደርስና ከዚያ ወደ ማይጨው ያመራል፤ ስለዚህ ከማይጨው ተነሥቶ በደሴ በኩል አዲስ አበባ የሚገባ መንገደኛ የጎብዬን የማሽላና የጤፍ ማሳዎች ግራና ቀኝ እያየ ማለፉ የግድ ነው። ሜዳው ለም ነው፤ ዝናሙ ግን አያስተማምንም። የራያ ገበሬ ከጥንት ጀምሮ ከምዕራቡ ደጋ እየደነፋ የሚወርደውን ጎርፍ፣ በተለይም እንደ ጎሊናና ሆርማት ያሉትን ወንዞች ሙላት፣ በቦይ እየጠለፈ ማሳውን ያጠጣል። ይህ ሥራ ብቻውን የሚደክም ሰው የሚችለው አይደለም። ጎርፉ በሌሊትም ሊመጣ ስለሚችል ቦዩን በጋራ መጥረግ፣ ግድቡን በጋራ ማቆም፣ የላይኛው ማሳ ጠጥቶ የታችኛው እንዳይደርቅ ተራ መጠበቅ ያስፈልጋል፤ ይህን የሚዳኝ የውሃ አባት የሚባል በገበሬዎቹ የሚመረጥ ሰው አለ። ደም ሲፈስም ገዳይንና የሟችን ወገን የሚያስታርቁት የዘወልድ ሽማግሌዎች በአካባቢው የተከበሩ ናቸው። እንዲህ ያለው ሕዝብ መደራጀት አያውቅም ሊባል አይችልም፤ ለውሃና ለደም ሥርዓት ነበረው፤ ያልነበረው ስለሚያርሰው መሬት ከባለመሬቱ ጋር የሚከራከርበት ማኅበር ነበር።

የመሬት ጥያቄው በዚህ አካባቢ ጥልቅ ሥር አለው። በ1935 ዓ.ም. በትግራይ የፈነዳውና ወያኔ በሚል ስም የሚታወቀው የገበሬዎች አመፅ ከተነሣባቸው አካባቢዎች አንዱ ራያና አዘቦ ሲሆን፣ በብላታ ኃይለ ማርያም ረዳ ይመራ የነበረው ይህ አመፅ የተዳፈነው በራስ አበበ አረጋይ ጦርና በመስከረም 1936 ዓ.ም. መቀሌን ከአየር በደበደቡት የእንግሊዝ አውሮፕላኖች ነበር። ከአመፁ በኋላ በራያና አዘቦ ብዙ መሬት ተወርሶ ለመኳንንትና ለመንግሥት ባለሟሎች ተሰጠ፤ የቀድሞው ባለርስት በአያቱ ማሳ ላይ ጭሰኛ ሆነ። ጭሰኛ ማለት መሬቱ የሌላ ሰው ሆኖ በገዛ ጉልበቱና ብዙ ጊዜም በገዛ በሬው የሚያርስ፣ ምርቱንም እንደየስምምነቱ ለባለመሬቱ ሲሶ ወይም እኩሌታውን የሚያስረክብ ገበሬ ነበር፤ በተጨማሪም በባለመሬቱ ቤት ሥራ ይጠበቅበት፣ በበዓል እጅ መንሻ ያቀርብ፣ ባለመሬቱ ሲከፋውም ያለ አንዳች ክስ ከመሬቱ ሊነቀል ይችል ነበር።

ጥላሁን ግዛው የተወለደው ከዚህ ሥርዓት ከፍተኛው እርከን ላይ ነው። ትውልዱ ማይጨው ሲሆን፣ ዘመኑም የኢትዮጵያ ጦር በመጋቢት 1928 ዓ.ም. በዚያች ከተማ አቅራቢያ ከተሸነፈ ጥቂት ዓመታት በኋላ፣ በ1930ዎቹ መጀመሪያ ግድም ነበር። አባቱ ደጃዝማች ግዛው ከአካባቢው መኳንንት አንዱ ሲሆኑ፣ በአባቱ በኩል እህቱ የሆኑት ልዕልት ሣራ ግዛው ደግሞ የንጉሠ ነገሥት ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ተወዳጅ ልጅ የሐረሩ መስፍን ልዑል መኮንን ባለቤት ነበሩ። ልዑል መኮንን በግንቦት 1949 ዓ.ም. በመኪና አደጋ ቢሞቱም፣ የጥላሁን ቤተሰብ ከቤተ መንግሥት ጋር ያለው ዝምድና አልተቋረጠም። በዚያ ዘመን እንዲህ ያለ ወጣት ትምህርቱን ሲጨርስ የሚጠብቀው ሹመትና የወላጆቹ ርስት ነበር።

ስለ ጥላሁን ሲነሣ ይህን የዘር ሐረጉን እንደ አስገራሚ ነገር ብቻ ጠቅሶ ማለፍ የሚያንስ ይመስላል። ከባላባት ቤት የወጣ ሰው የሥርዓቱን አሠራር የሚያውቀው ከመጽሐፍ አይደለም፤ የእህሉን ድርሻ ለማስገባት ደጅ የሚቆመውን ጭሰኛ፣ የመሬት ሙግት እንዴት እንደሚፈረድና ሹመት እንዴት እንደሚገኝ ከልጅነቱ ጀምሮ ከውስጥ ሆኖ ያያል። በጥያቄው ላይ የነበረው ጽናትም ከዚህ የውስጥ ዕውቀት የተለየ ሊሆን አይችልም፤ የሚቃወመው በስም የሚያውቃቸውን ሰዎች ነበርና።

ጥላሁን የገባበት የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ ንጉሠ ነገሥቱ ገነተ ልዑል ቤተ መንግሥታቸውን ሰጥተው በ1954 ዓ.ም. በይፋ የከፈቱት ሲሆን፣ የዘመናዊው አገዛዝ ሠራተኞች የሚታነጹበት ቦታ እንዲሆን ታስቦ የተቋቋመ ነበር። ነገር ግን የተማሪዎቹ መንፈስ ከዚያ በፊትም ተቀይሮ ነበር። በታኅሣሥ 1953 ዓ.ም. ጄኔራል መንግሥቱ ነዋይና ወንድማቸው ገርማሜ ነዋይ የመፈንቅለ መንግሥት ሙከራ ባደረጉ ጊዜ የዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ተማሪዎች ደግፈዋቸው በአዲስ አበባ መንገዶች ተሰልፈዋል። በነጻ ትምህርት ዕድል ከሌሎች የአፍሪካ አገሮች የመጡ ተማሪዎችም ስለ ነጻነት ትግል የሚያወሩትን ይዘው ገብተዋል። ከዚያ በኋላ ራሳቸውን አዞዎች ብለው የሰየሙ ጥቂት ተማሪዎች በኅቡዕ እየተሰበሰቡ ማንበብና መወያየት ጀመሩ።

ከዚህ ቡድንና ከአካባቢው የተነሣው ታላቅ ሰልፍ የካቲት 18 ቀን 1957 ዓ.ም. የተካሄደው ነው። በፓርላማ ስለ ጭሰኛና ባለመሬት ግንኙነት የሚደነግግ ረቂቅ ሕግ ለውይይት ቀርቦ በነበረበት ጊዜ፣ ተማሪዎቹ መሬት ለአራሹ እያሉ ወደ ምክር ቤቱ ወጡ። በአሥረኛው ቀን፣ የካቲት 28፣ በአሜሪካ አላባማ ሴልማ ከተማ የመምረጥ መብት የጠየቁ ጥቁር አሜሪካውያን በድልድይ ላይ በፖሊስ ተደበደቡ። እነዚህን ሁለት ሰልፎች የሚያገናኝ አንድ ድርጅት ባይኖርም፣ ከጥያቄዎቹ በስተጀርባ የቆመው ሰው ተመሳሳይ ነበር፤ በሴልማ ዙሪያም ሆነ በሚሲሲፒ ሜዳ ጥጥ ያርስ የነበረው ጥቁር ገበሬ ከነጭ ባለርስት መሬትና ብድር ወስዶ ምርቱን የሚካፈል እኩል አራሽ ነበር፤ ዕዳውም ከዓመት ዓመት አያልቅም ነበር።

ከየካቲቱ ሰልፍ በኋላ የተማሪዎቹ ጥያቄ በየዓመቱ እየሰፋ ሄደ። በ1958 ዓ.ም. በሾላ ለማኞችና ድሆች ተሰብስበው የታጎሩበትን ካምፕ በመቃወም ድህነት ወንጀል ነውን ብለው ተሰለፉ፤ በመጋቢት 1960 ዓ.ም. በግቢያቸው የተዘጋጀውን የፋሽን ትርኢት አገሪቱ ካለችበት ኑሮ ጋር የማይሄድ ነው ብለው አወኩ፤ በ1961 ዓ.ም. ደግሞ የመዲናይቱ የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች ተማሪዎች ጭምር የገቡበት ሰፊ አድማ ተካሄደ። ጥላሁን የፖለቲካ ሳይንስ ተማሪ ሆኖ በዚህ ሁሉ መካከል ያደገ ሲሆን፣ ሚናው ጎልቶ የወጣው በእነዚህ የመጨረሻ ዓመታት ነው።

አደራጆቹ በየቀኑ ምን ይሠሩ እንደነበር መረዳት ያሻል። በሥራቸው መሐል የነበረው የአዲስ አበባ የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች ማኅበር ነው። ይህ ማኅበር ቀደም ሲል በየኮሌጁ ተለያይተው የነበሩትን ማኅበራት አንድ ያደረገ፣ ከየፋኩልቲው በሚመረጡ ተወካዮች የሚመራ፣ ፕሬዚዳንቱም በተማሪው ድምፅ የሚመረጥ ድርጅት ነበር። ማኅበሩ ስትራግል የሚባል፣ ትርጓሜው ትግል የሆነ መጽሔት ያሳትም፣ በግቢው ክሪስማስ አዳራሽ የሚደረጉ ጉባኤዎችን ይጠራ፣ በስቴንስል የተተየቡ ጽሑፎችን በማባዣ እየጨመቀ ያሰራጭ ነበር። አንድ ሰልፍ እንዲወጣ ከተፈለገ በየመኝታ ክፍሉ እየዞሩ መነጋገር፣ ለምክር ቤቱ የውሳኔ ሐሳብ ማርቀቅ፣ ተቃራኒ ሐሳብ ያላቸውን በክርክር መርታት፣ ከሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች ጋር መልእክተኛ መላላክና ለታሰሩት ስንቅና ጠበቃ መፈለግ ያስፈልግ ነበር። የዩኒቨርሲቲው ተማሪ ከመመረቁ በፊት አንድ ዓመት በክፍለ ሀገር እንዲያገለግል የሚያዘው የዩኒቨርሲቲ አገልግሎት የሚባለው መርሐ ግብርም፣ መንግሥት ሳያስበው፣ የአደራጆቹ መልእክተኛ ሆነ፤ አብዛኞቹ መምህር ሆነው የተመደቡት እነዚህ ወጣቶች በየሄዱበት ትምህርት ቤት የአዲስ አበባውን ክርክር አደረሱ፤ የደሴው ወይዘሮ ስሂን ትምህርት ቤትም ከተነቃቁት ስፍራዎች አንዱ ሆነ።

ጥላሁን በ1961 ዓ.ም. መጀመሪያ ለማኅበሩ ፕሬዚዳንትነት ተወዳድሮ በመኮንን ቢሻው ተሸነፈ። የአደራጅ ባሕርይ ከድል ይልቅ በሽንፈት ጊዜ ይለያልና፣ ይህ ሽንፈት በሕይወቱ ውስጥ ሊጤን የሚገባው ነው፤ የተሸነፈበትን መድረክ ትቶ አልሄደም፣ ማኅበሩንም ለመከፋፈል አልሞከረም፤ በመካከሉ ያለፈው ዓመት የአድማና የእስራት ዓመት ሆኖ የተማሪውን ስሜት ወደ ጥላሁን ወገን ሲያዘነብል፣ በቀጣዩ ዓመት በ1962 ዓ.ም. ኅዳር ላይ እንደገና ቀርቦ አሸነፈ። በምርጫ መሸነፍና በምርጫ ማሸነፍ የሚቻልበት ተቋም በአገሪቱ እጅግ ጥቂት በነበረበት ዘመን፣ የተማሪዎች ማኅበር ይህን ልምድ ለአንድ ትውልድ መስጠቱ ብዙ ጊዜ የሚዘነጋ ትልቅ ነገር ነው።

ፕሬዚዳንት ሆኖ የቆየው አንድ ወር ገደማ ብቻ ነው። ነገር ግን በዚያው ወር የእንቅስቃሴው አሳብ አዲስ አቅጣጫ ያዘ። ኅዳር 8 ቀን ስትራግል መጽሔት ከወሎ የመጣውና በደሴ የተማረው ዋለልኝ መኮንን ስለ ኢትዮጵያ ብሔረሰቦች ጥያቄ የጻፈውን ጽሑፍ አወጣ፤ እስከ ዛሬ የሚያከራክረው ይህ ጽሑፍ የአገሪቱ ሕዝቦች በቋንቋና በባህል እኩል አለመሆናቸውን በግልጽ በማንሣቱ መንግሥትን አስቆጣ። መሬትና ብሔረሰብ በአንድነት በመነሣታቸው፣ ተማሪው ከዚያ ቀደም ከጠየቀው ሁሉ የከበደ ጉዳይ ነካ ተብሎ ተወሰደ። መንግሥት በሬዲዮና በጋዜጣ የተማሪ መሪዎችን ማውገዝ ጀመረ።

ታኅሣሥ 19 ቀን 1962 ዓ.ም. ምሽት ጥላሁን ከዩኒቨርሲቲው አጠገብ በአፍንጮ በር አካባቢ ሲሄድ በጥይት ተመታና ሞተ። መንግሥት እጁ እንደሌለበት ቢገልጽም፣ ተማሪዎቹና አብዛኛው የከተማ ሕዝብ የጸጥታ ሰዎች ሥራ እንደሆነ አመኑ። በማግስቱ ጠዋት ተማሪዎቹ አስከሬኑን ከሆስፒታል ወደ ዩኒቨርሲቲው የስድስት ኪሎ ግቢ አምጥተው በክብር ሊሸኙት ተሰበሰቡ፤ ከሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶችም እጅግ ብዙ ወጣት መጣ። አስከሬኑ እንዲመለስ ሲጠየቅና በቀብሩ ጉዳይ ድርድር ሲደረግ፣ የክብር ዘበኛ ወታደሮች ግቢውን ጥሰው ገብተው ተኮሱ። የሞቱት ቁጥር በመንግሥት መግለጫና በተማሪዎቹ ምስክርነት የተለያየ ነው፤ ሰው በግቢው መውደቁና ብዙዎች መቁሰላቸው ግን የታወቀ ነው። ዩኒቨርሲቲው ለትምህርት የተሰጠ ቤተ መንግሥት ነበርና፣ የቤተ መንግሥቱ ዘብ ተመልሶ በጠመንጃ መግባቱ በዚያ ትውልድ ልብ ውስጥ የፈጠረው ቁጣ ከሰልፍና ከጽሑፍ ሁሉ የበለጠ ሥራ ሠራ።

ከጥላሁን ሞት ሦስት ሳምንት ከጥቂት ቀናት ቀደም ብሎ፣ ኅዳር 25 ቀን፣ በአሜሪካ ቺካጎ የጥቁር ፓንተር ፓርቲ የኢሊኖይ ሊቀ መንበር ፍሬድ ሃምፕተን በ21 ዓመቱ ጎሕ ሳይቀድ ቤቱን በከበቡ ፖሊሶች ተገድሎ ነበር። ሃምፕተን ለድሃ ልጆች ነጻ ቁርስ ያዘጋጀ፣ የጥቁሮችን፣ የፖርቶ ሪኮዎችንና የድሆች ነጮችን ማኅበራት በአንድ ኅብረት ያስተሳሰረ አደራጅ ነበር። ሁለቱ ወጣቶች አይተዋወቁም፤ የሁለቱን ሞት ጎን ለጎን ማየት የሚጠቅመው መንግሥታት ከሁሉ አብልጠው የሚፈሩት ተናጋሪን ሳይሆን ያልተገናኙትን የሚያገናኝ ሰው መሆኑን ስለሚያሳይ ነው። ንግግርን በሳንሱር ማፈን ይቻላል፤ አንዴ የተገናኘን ሰው መልሶ ማለያየት ግን አስቸጋሪ ነው።

ጥላሁን የነበረበት ድርጅት ከእርሱ በኋላ አልፈረሰም። ዋለልኝን ጨምሮ ብዙዎች ታሰሩ፤ አንዳንዶቹ በምሕረት ወጡ፤ ሌሎች ከአገር ተሰደዱ፤ ዋለልኝ ራሱ ኅዳር 29 ቀን 1965 ዓ.ም. የኢትዮጵያ አየር መንገድን አውሮፕላን ለመጥለፍ ከሞከሩት ሰባት ወጣቶች አንዱ ሆኖ ከማርታ መብራህቱና ከሌሎች አራት ጓደኞቹ ጋር ተገደለ። ማኅበሩ ቢታገድም በየትምህርት ቤቱ የተተከለው ልማድ ስለቀጠለ፣ በ1966 ዓ.ም. አብዮቱ ሲፈነዳ በየከተማው ሰልፍ የሚያወጣ ወጣት አልታጣም። በዚህ ረገድ ጥላሁን የአደራጅን ዋና ፈተና አልፏል ማለት ይቻላል።

ሆኖም በሌላው ፈተና፣ ማለትም ጥያቄው የሚነካውን ሰው ራሱን በማደራጀት፣ እንቅስቃሴው ደካማ ነበር፤ ይህ ነጥብ ከጎብዬ ሆኖ ሲታይ ከሁሉ የከበደ ነው። መሬት ለአራሹ የሚለው ጥያቄ በስድስት ኪሎ ሲያስተጋባ በራያ ሜዳ የሚያርሰው ጭሰኛ በብዛት አልሰማውም፤ ስትራግል የሚጻፈው በእንግሊዝኛ ነበር፤ ለአገልግሎት የተላኩት ተማሪዎችም የሚቀመጡት ትምህርት ቤት ባለበት ከተማ ነበር። ለሠራተኞች ማኅበር የፈቀደው አዋጅ ጭሰኛውን የሚመለከት አልነበረም፤ ወደ ገጠር ወርዶ ገበሬን ለማደራጀት የሞከረ ሰው የሚጠብቀው እስር ቤት ነበርና፣ ተማሪዎቹን በስንፍና መክሰስ ፍትሐዊ አይሆንም። ገበሬዎቹም ቢሆኑ ዝም ብለው አልኖሩም፤ ባሌ ለዓመታት ተዋግቷል፤ ጎጃም በ1960 ዓ.ም. አዲሱን የእርሻ ገቢ ግብር እምቢ ብሎ ተነሥቷል፤ ራያም ቀድሞ ተነሥቶ ዋጋ ከፍሏል። የተማሪው ድምፅና የገበሬው እምቢታ ግን ሳይገናኙ ቀሩ።

በዚህ በኩል የሚሲሲፒው ልምድ ልዩነቱን አጉልቶ ያሳያል። በኒው ዮርክ ሃርለም የተወለደው የሒሳብ መምህር ቦብ ሞዝስ በ1953 ዓ.ም. ወደ ሚሲሲፒ ሲወርድ የሄደው ንግግር ሊያደርግ አልነበረም፤ ኤምዚ ሙር ከሚባሉ የአገሩ ሰው ጋር ተነጋግሮ፣ ሕዝቡ ራሱ የሚፈልገው የመራጭነት ምዝገባ መሆኑን ተረድቶ፣ በእኩል አራሾች መንደር እየኖረ እያንዳንዱን ሰው ወደ ምዝገባ ቢሮ ማጀብ ጀመረ። ከዚህ ሥራ የወጡት ታላቋ ሴት ፋኒ ሉ ሃመር በነሐሴ 1954 ዓ.ም. ለመመዝገብ በመሞከራቸው ብቻ ለ18 ዓመት ከሠሩበት እርሻ በዚያው ቀን ተባረሩ፤ ከዚያም ራሳቸው አደራጅ ሆኑ። በሰኔ 1956 ዓ.ም. ሦስት ወጣት የንቅናቄው ሠራተኞች በዚያው ግዛት ተገድለዋል። በሐምሌ 30 ቀን 1957 ዓ.ም. የመምረጥ መብት አዋጅ በፊርማ ሲጸድቅ፣ በሚሲሲፒ ለመምረጥ የተመዘገቡት ጥቁሮች ከመቶ 7 እንኳ የማይሞሉ ነበሩ፤ በሦስት ዓመት ውስጥ ወደ 60 በመቶ ደረሱ። ሕጉ የወጣው በዋሽንግተን ቢሆንም፣ ሕጉን የሚጠቀምበት የተደራጀ ሕዝብ ግን አስቀድሞ በየመንደሩ ተዘጋጅቶ ነበር። ሞዝስ ከዚያ በኋላ ወደ ታንዛኒያ መጥቶ ለዓመታት ሒሳብ አስተምሯል፤ ጥላሁን በተገደለበት ዘመን እርሱ በዚሁ በምሥራቅ አፍሪካ ነበር።

በ1964 እና በ1965 ዓ.ም. ዝናሙ ሲጠፋ ይህ ክፍተት በራያ ሜዳ ላይ በሰው ሕይወት ታየ። ከራያና ቆቦና ከየጁ ቆላ የተነቀለው ገበሬ በሬውን ከሸጠ በኋላ ወደ አውራ ጎዳናው ወጣ፤ ከደሴ ወደ ሰሜን በሚወስደው መንገድ ላይ የሚያልፈውን መኪና እያስቆመ ምግብ ለመነ። ኢኮኖሚስቱ አማርትያ ሴን በኋላ ስለዚህ ረሃብ ሲያጠና ያስተዋለው ነገር የሚያሳዝን ነው፤ ችግሩ በየገበያው እህል ጨርሶ አለመኖሩ አልነበረም፤ ምርቱ የጠፋበት ገበሬ የሚገዛበት ገንዘብ አልነበረውም፤ እንዲያውም ከወሎ እህል እየተጫነ ይወጣ ነበር። በሚያዝያ 1965 ዓ.ም. የዩኒቨርሲቲው መምህራን ወደ ወሎ ሄደው ያነሡትን ፎቶግራፍ በግቢው ባሳዩ ጊዜ ተማሪዎቹ ለሰልፍ ወጡ፤ መንግሥት ግን ረሃቡን ደብቆ ቆየ። የሟቾቹ ግምት ከ40 ሺህ እስከ 200 ሺህ ይለያያል። የእንግሊዙ ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ በጥቅምት 1966 ዓ.ም. ፊልሙን ካሳየ በኋላ ዓለም አወቀ፤ በአብዮቱ ሥልጣን የያዘው የወታደሮች ኮሚቴ ደርግም ያንኑ ፊልም ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው በወረዱበት ዋዜማ ምሽት በቴሌቪዥን ለሕዝብ አሳየ። ለባለመሬት በሚሰጠው ድርሻ ላይ የሚከራከር ማኅበር የነበረው ጭሰኛ፣ ወይም በሬው ሳይሸጥ የወረዳውን ገዢ በአንድነት ተሟግቶ እርዳታ የሚጠይቅ መንደር፣ መንገድ ዳር ከመውደቅ ብዙውን ሰው ባዳነ ነበር።

መሬት ለአራሹ የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. በአዋጅ ተፈጸመ። የገጠር መሬት ሁሉ የሕዝብ ሆነ፤ ጭሰኝነት ተሻረ፤ እያንዳንዱ ቤተሰብ ሊይዝ የሚችለው ከ10 ሔክታር እንዳይበልጥ ተወሰነ፤ 800 ሔክታር ገደማ በሆነ ስፋት ውስጥ ያሉ ገበሬዎች የገበሬ ማኅበር እንዲያቋቁሙ ታዘዘ። በእድገት በኅብረት ዘመቻ ወደ ገጠር የተላኩት ወደ 60 ሺህ የሚጠጉ ተማሪዎችና መምህራን፣ በራያ ቆላም ጭምር፣ ጥላሁን ሊያየው ያልቻለውን ሥራ ጀመሩ፤ ከገበሬው ጋር ተቀምጠው ማኅበሩን ማቋቋም። ለጎብዬ አራሽ ይህ ቀን በእርግጥ የነጻነት ቀን ነበር፤ የማሽላው እኩሌታ ከደጁ ሳይወጣ የቀረበት የመጀመሪያው ዓመት ሆነና።

ይሁን እንጂ ማኅበሩ ከላይ በአዋጅ የተሰጠ እንጂ ከታች በትግል የተገነባ አልነበረም። ተማሪዎቹ በብዛት ከደርግ ጋር ተጣልተው ከዘመቻው ሲበተኑና ብዙዎቹም በቀጣዩ ቀይ ሽብር ሲያልቁ፣ በየቀበሌው የቀረው የገበሬ ማኅበር ማንን እንደሚያገለግል የሚወስነው መንግሥት ብቻ ሆነ። በጥቂት ዓመታት ውስጥ ከ20 ሺህ በላይ የሆኑት እነዚህ ማኅበራት የእህል ኮታ የሚያስከፍሉ፣ ለብሔራዊ ውትድርና ወጣት የሚመለምሉና የመንግሥትን ትእዛዝ ወደ ታች የሚያወርዱ ሆኑ፤ ገበሬው ለውሃው የሚመርጠው የውሃ አባት ቢያጠፋ ሊሽረው ይችል የነበረውን ያህል፣ የገበሬ ማኅበሩን ሊቀ መንበር መሻር አልቻለም።